ሰኞም ማክሰኞም ያልሆነ ቀን፦ የሆቢቶች ካላንደር እንዴት ነው የሚሰራው?

በየዓመቱ ሴፕቴምበር 22 ሲደርስ ሶሻል ሚዲያው «ሆቢት ዴይ» በሚል ፖስት ይሞላል፣ ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ የሚባለው ልቦለድ ውስጥ ያሉት የሁለት ሆቢቶች፣ የቢልቦና የፍሮዶ፣ ልደት ነው እየተባለ ኬክ የሚቆርስ አለ፣ በባዶ እግሩ የሚዞርም አለ። ቀኑን ከመጽሐፉ ነው ያገኙት፣ መጽሐፉም እውነት ሴፕቴምበር 22 ይላል። ግን የሆቢቶቹ ሴፕቴምበር ፈረንጅ ግድግዳው ላይ የሰቀለው ሴፕቴምበር አይደለም። የራሳቸው ካላንደር አላቸው፣ አሰራሩ ደሞ ከፈረንጁ ይልቅ ወደኛው ነው የሚጠጋው፦ ወሩ ሁሉ እኩል ሰላሳ ሰላሳ፣ ከዛ አምስት ትርፍ ቀን። ጳጉሜን እያየ ላደገ ሰው ግማሹን ማስረዳት እንኳን አያስፈልግም። ቀሪው ግማሽ ላይ ግን እኛም ፈረንጁም ያላደረግነው አንድ ነገር አድርገዋል፣ በዓመት አንድ ቀን ከሳምንቱ ውጪ አውጥተው ጥለዋል። ሰኞ አይደለም፣ ማክሰኞ አይደለም፣ እሁድም አይደለም። ይሄ ማብራሪያ በዋናነት ስለዛች ቀን ነው።

(«ዓመተ ምህረት» ካላልኩ በቀር የምጠራቸው ዓመቶች በፈረንጅ ናቸው፣ የሆቢቶቹን ስጠራ እዛው እናገራለሁ።)

ለመሆኑ ሆቢቶቹ እነማን ናቸው፣ ካላንደሩስ የት ነው ያለው?

ለማያውቅ ባጭሩ፦ ሆቢቶች ጄ. አር. አር. ቶልኪን የሚባል እንግሊዛዊ ደራሲ የፈጠራቸው ቁመታቸው የሰው ግማሽ የሚያህል፣ እርሻና ድግስ የሚወዱ፣ ከመንደራቸው መውጣት ግን የማይወዱ ሰዎች ናቸው። አገራቸው ሻየር ይባላል። ታሪኩ ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ ነው፣ ከ1954 እስከ 1955 በሶስት ጥራዝ የወጣው፣ የሶስተኛው ጥራዝ መጨረሻ ላይ ብዙ አንባቢ ገልጦ የማያየው አባሪ አለ፣ ከነሱ አንዱ አባሪ ዲ ሙሉ በሙሉ ስለ ካላንደር ነው። እዛ ላይ ነው ቶልኪን አንባቢ እንዳይደናገር ብሎ ታሪኩ ውስጥ የሆቢቶቹን ወሮች በተለመዱት በጃንዋሪ፣ ፌብሯሪ ስም እንደጻፋቸው የሚናገረው። እሱን ገጽ የዘለለ ሰው ነው እንግዲህ ሴፕቴምበር 22 ኬክ የሚቆርሰው።

ሰውየው እንዲህ ያለ ነገር ላይ ቀልድ አያውቅም። በ1944 ገና ታሪኩን እየጻፈ እያለ ደቡብ አፍሪካ ለነበረው ልጁ በላከው ደብዳቤ ጨረቃዋ እንዳስቸገረችው ይነግረዋል፣ አንዱ ምዕራፍ ላይ የጻፋት ጨረቃ ከሌላው ምዕራፍ ጨረቃ ጋር አልገጥም ብላ፣ እዚህ ስትወጣ እዛ በዛው ሰዓት እየጠለቀች፣ ተመልሶ ምዕራፎቹን ማረም ነበረበት። እና ካላንደሩም እንደዛው ነው፣ ለጌጥ ተብሎ የገባ ሳይሆን ቁጭ ብለህ ብታሰላው ድምሩ የሚገጥም ካላንደር ነው።

የወሮቹን ስም ራሱ ከአየር ላይ አልያዛቸውም። ኦክስፎርድ የጥንታዊ እንግሊዝኛ ፕሮፌሰር ስለነበር፣ ቤድ የሚባለው የእንግሊዝ መነኩሴ በ725 አካባቢ ስለ ዘመን አቆጣጠር በጻፈው መጽሐፍ ላይ የመዘገባቸውን የጥንት እንግሊዞች ወሮች ወስዶ ነው ለሆቢት አፍ እንዲመች ያሳጠራቸው። ሶልማዝ፣ አስትሮን፣ ትሪሚጅ፣ ሃሊማዝ፣ ብሎትማዝ እያለ ይቀጥላል። ትሪሚጅ ቤድ እንደሚለው ሳሩ ለምልሞ ላም በቀን ሶስቴ የምትታለብበት ወር ነበር፣ ብሎትማዝ ደሞ ከብት የሚታረድበት። የገበሬ ካላንደር ነው በቃ።

አስራ ሁለቱ ወርና ትርፎቹ ቀኖች እንዴት ነው የተደለደሉት?

አስራ ሁለት ወር አለ፣ እያንዳንዱ 30 ቀን፣ ድምሩ 360። ዓመቱ 365 ስለሆነ 5 ይተርፋል። እስከዚህ የኛው ነው፣ የኛው ደሞ ከግብጽ የመጣ ነው፣ የጥንት ግብጾች 12 ጊዜ 30 አድርገው 5 ቀን ጨምረውበት ነበር፣ ኮፕቶች ያንኑ ይዘው ቀጠሉ፣ እኛም እንደዛው። ልዩነቱ እኛ አምስቱንም ሰብስበን ዓመቱ ጅራት ላይ ጳጉሜ ብለን አንድ ትንሽ ወር ማድረጋችን ነው፣ ሆቢቶቹ ግን ለሁለት ከፍለዋቸዋል፣ ወር ውስጥም አያስገቧቸውም።

ሁለቱ ክረምት ላይ (የፈረንጅ ክረምት፣ ብርዱ ማለቴ ነው) ዓመት ሲለወጥ ይመጣሉ፣ ዩል ይባላሉ። አቆጣጠሩ ትንሽ ያምታታል፣ 1 ዩል የሚባለው ያለቀው ዓመት የመጨረሻ ቀን ነው፣ 2 ዩል ደሞ የአዲሱ ዓመት የመጀመሪያ ቀን። እንደኛ ጳጉሜ 5 እና መስከረም 1 በሉት፣ እነሱ ሁለቱንም ባንድ ስም ጠርተው ባንድ ትንፋሽ ነው የሚያከብሯቸው። የቀሩት ሶስቱ በጋው መሀል፣ ስድስተኛው ወር አልቆ ሰባተኛው ሳይገባ ይመጣሉ፦ 1 ላይዝ፣ ከዛ የአጋማሽ ቀን፣ ከዛ 2 ላይዝ። የአጋማሽ ቀን ዓመቱን ልክ መሀሉ ላይ የሚቆርጥ ነው፣ ከፊቱ 182 ቀን ከኋላው 182 ቀን፣ በተቻለ መጠንም ቀኑ ከሁሉ ረዝሞ ሌሊቱ ከሁሉ በሚያጥርበት ቀን ላይ እንዲውል ታስቦ የተቀመጠ ነው።

በአራት ዓመት አንዴ ስድስተኛ ቀን ይጨመራል። እኛ ጋ በዘመነ ሉቃስ ጳጉሜ 6 ትሆናለች፣ እነሱ ጋ ከአጋማሽ ቀን ቀጥሎ ኦቨርላይዝ የሚባል ቀን ይገባል፣ ከሌላው ጊዜ በላይ የሚጨፈርበት ቀን ነው። በነሱ አቆጣጠር 1420 እንደዚህ ያለ ዓመት ነበር፣ ታሪኩ ውስጥ ያለው ጦርነት ባለቀ ማግስት፣ እህሉም ፍራፍሬውም ተትረፍርፎ። አንድ ነገር ላይ ግን ከኛ ይለያሉ፣ ምዕተ ዓመቱ የሚሞላበት ዓመት ላይ ተጨማሪዋን ቀን ይዘሏታል። ባማካይ ዓመታቸው 365.24 ቀን ይሆናል ማለት ነው፣ እውነተኛው የፀሐይ ዓመት 365.2422 ገደማ ስለሆነ አንድ ቀን ለመሳሳት ከ400 ዓመት በላይ ይፈጅባቸዋል። የኛው ሳይዘል በየአራት ዓመቱ ስለሚጨምር በ128 ዓመት ገደማ አንድ ቀን ከፀሐይዋ ይንሸራተታል፣ ለዚህም ነው አሁን ሴፕቴምበር 11 ላይ የሚውለው እንቁጣጣሻችን ከ2100 ጀምሮ ወደ 12 የሚሄደው።

ከሳምንት ውጪ የሆነ ቀን ማለት ግን ምን ማለት ነው?

ዋናው ነገር ጋ ደረስን። በመጀመሪያ ችግሩ ምን እንደነበር። 365 ለ 7 ሲካፈል 52 ሳምንት ሙሉ ይሆንና 1 ቀን ይተርፋል። ያቺ አንድ ቀን ናት ሁሉን የምታዛባው፣ በሷ ምክንያት ነው መስከረም 1 በ2016 ዓመተ ምህረት ማክሰኞ፣ በ2017 እሮብ፣ በ2018 ሐሙስ፣ በ2019 ደሞ አርብ ላይ የሚያርፈው። ጳጉሜ 6 የሆነች ዓመት ስታልፍ ደሞ ሁለት ቀን ይዘላል። ስለዚህ ዓመት በመጣ ቁጥር አዲስ ካላንደር መግዛት አለብህ፣ ሰርግ የሚቆርጥ ሰው «በሚቀጥለው ዓመት ጥር 18 ምን ቀን ነው የሚውለው» ብሎ ስልኩን መክፈት አለበት።

ሰባት ጎረቤታሞች በየቀኑ በተራ ቡና ያፈላሉ እንበል፣ ዛሬ እዚህ ቤት ነገ እዛ ቤት። 52 ዙር ሄደው 364 ቀን ሞላ፣ አንድ ቀን ቀረ፣ ያንን ቀን የመጀመሪያዋ ቤት ታፈላለች፣ ስለዚህ አዲሱ ዓመት በሁለተኛዋ ቤት ይጀምራል፣ በቀጣዩ ዓመት በሶስተኛዋ እያለ ይሄዳል፣ ማን የዘመን መለወጫ ለት እንደሚያፈላ ሁሌ መቁጠር ሊኖርብህ ነው። አሁን ጎረቤቶቹ ተስማምተው «በዓመት አንድ ቀን ሁላችንም ሜዳ ወጥተን አብረን እንጠጣለን፣ የማንም ተራ አይቆጠርም» ቢሉስ? በቃ 364 ቀን ብቻ ነው በተራ የሚሄደው፣ በሰባት እኩል ይካፈላል፣ ሁሌም ዓመቱ በመጀመሪያዋ ቤት ይጀምርና በሰባተኛዋ ያልቃል።

ሆቢቶቹ ያደረጉት ይሄንን ነው። ድሮ እነሱም እንደኛ ቀኑ ይንሸራተትባቸው ነበር፣ ዝርክርክ ነው ብለው ስላልወደዱት ዳግማዊ ኢሰንግሪም በሚባለው መሪያቸው ዘመን የአጋማሽን ቀን ከሳምንቱ ቆጠራ አወጡት። ኦቨርላይዝም በመጣበት ዓመት እንደዛው ነው። 1 ላይዝ አርብ ነው፣ በማግስቱ የአጋማሽ ቀን፣ ምንም ቀን ያልሆነ፣ ከዛ 2 ላይዝ ቅዳሜ። ቅዳሜ የሳምንታቸው የመጀመሪያ ቀን ነው፣ አርብ የመጨረሻው፣ ስለዚህ ዓመቱ ሁሌም ቅዳሜ ይገባል አርብ ይወጣል፣ ለዘላለም።

ይሄ ምን ለውጥ ያመጣል?

ብዙ። አንድ ቀን አንዴ ሐሙስ ከሆነ ሁሌም ሐሙስ ነው። የቢልቦ ልደት ሴፕቴምበር 22 እሱ ሲወለድም (በሻየር አቆጣጠር 1290) ሐሙስ፣ 111 ዓመት ሞልቶት ፍሮዶም 33 ሞልቶት ያ ትልቁ ድግስ የተደገሰበት 1401 ላይም ሐሙስ፣ ፍሮዶ ከቤቱ ሊወጣ ሲሰናዳ 1418 ላይም ሐሙስ። እነሱ ጋ ሐሙስ ደሞ እንደኛ ቅዳሜ ያለ ነው፣ ምክንያቱም ዋናው የዕረፍትና የድግስ ቀናቸው አርብ ነው፣ ከምሳ በኋላ ስራ የለም ማታ ግብዣ ነው። ደብዳቤ ላይ «ሰኞ፣ በዚህ ቀን» ብሎ መጻፍ ቀረ፣ ቀኑን ካወቅክ ሰኞ መሆኑን ታውቀዋለህ። አንድ ካላንደር የገዛ ቤተሰብ ለልጅ ልጅ ያወርሳል።

ከዚህ የወጣች አንዲት ጨዋታም አለች፣ በጣም ነው የምወዳት። 30 ቀን አራት ሳምንት ከሁለት ቀን ስለሆነ እያንዳንዱ ወር ካለፈው ወር ሁለት ቀን ዘሎ ይገባል። የመጀመሪያው ወር እሁድ ይገባል፣ ሁለተኛው ማክሰኞ፣ ሶስተኛው ሐሙስ፣ አራተኛው ቅዳሜ፣ አምስተኛው ሰኞ፣ ስድስተኛው እሮብ። ሰባተኛው አርብ ሊገባ ነበር፣ ግን ልክ እዛ ጋ ላይዝ ይመጣና አርቧን ይወስዳታል፣ ከበዓሉ በኋላ ሰባተኛው ወር እንደገና በእሁድ ይጀምርና ያው ዙር ይደገማል። እና በሻየር ካላንደር አርብ የሚገባ ወር የለም። ስለዚህ ሆቢት «ወሩ በገባ፣ አርብ ቀን» ካለህ አሳማ ሲበር ወይ ዛፍ ሲራመድ ማለቱ ነው። ወሩ በገባ፣ አርብ ቀን እከፍልሃለሁ ብሎ የተበደረህ ሆቢት ካለ ገንዘቡን እርሳው፣ ተበልተሃል። (ዛፍ መራመዱን እንኳ እዛው ታሪክ ውስጥ በኋላ እናየዋለን፣ ሌላ ጉዳይ ነው።)

እሺ ልደታቸው በኛ ካላንደር መቼ ነው?

ሒሳቡ ከባድ አይደለም፣ የአጋማሽ ቀን በጋው መሀል ላይ እንዲውል ስለተደረገ የሆቢቶች ዓመት ከፈረንጁ ቀድሞ ዲሴምበር ሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ይገባል። ቶልኪን ራሱ አባሪው ላይ የፈረንጅ አዲስ ዓመት በግምት የሻየር ጃንዋሪ 9 ላይ ይውላል ይላል። ከዛ ተነስተን እንቁጠር፦ ከ2 ዩል ጀምሮ ሴፕቴምበር 22 የዓመታቸው 266ኛ ቀን ነው (1 የዩል፣ 180 የስድስት ወር፣ 3 የላይዝ፣ 60 የሁለት ወር፣ 22)። ጃንዋሪ 9 ደሞ 10ኛ ቀናቸው ነው። ስለዚህ ከፈረንጅ ጃንዋሪ 1 በኋላ 256 ቀን ትሄዳለህ፣ ሴፕቴምበር 14 ላይ ያወርድሃል። የአጋማሽን ቀን ጁን 21 ላይ አድርገህ ከቆጠርክ ደሞ ሴፕቴምበር 12 ይሰጥሃል፣ «በግምት» የተባለው ለዚህ ነው።

ሴፕቴምበር 12 እና 14 በኛ መስከረም 2 እና 4 ነው። እንግዲህ የቢልቦና የፍሮዶ ልደት በትክክል ይከበር ከተባለ የእንቁጣጣሽ ሳምንት ላይ ነው የሚውለው፣ አደይ አበባው ሳይረግፍ፣ የዶሮው ወጥም ሳያልቅ።

የዓመተ ምህረቱ ቁጥርስ? ታሪኩ ውስጥ ሁለት ቁጥር ስለሚሄድ ብዙ ሰው ይምታታበታል። ትልቁ ዓለም «ሶስተኛው ዘመን» እያለ ይቆጥራል፣ ሆቢቶቹ ግን ማርኮና ብላንኮ የሚባሉ ሁለት ወንድማማቾች ወንዙን ተሻግረው ሻየርን ካቀኑበት ዓመት ይጀምራሉ፣ ያ በትልቁ ቁጥር 1601 ነበር፣ ለነሱ 1 ሆነ። ከትልቁ 1600 ቀንስ በቃ። 3018 ሲልህ 1418 ነው። ሰባት ስምንት ዓመት እየቀነሰ ለኖረ ሰው ይሄ ምኑም አይደል።

ጎረቤቶቻቸውስ በዚሁ ነው የሚቆጥሩት?

አይደለም፣ ችግርም የሚመጣው እዚህ ጋ ነው። ሻየሮች ካላንደሩን ከነገስታቱ ካላንደር ነው ያመጡት፣ የኑሜኖር ሰዎች ከሚባሉት። የነሱ 12 ወር ነበረው፣ አስሩ 30 ቀን ሁለቱ 31 ቀን፣ ሶስት ቀን ደሞ ከወር ውጪ፣ መጀመሪያ ላይ፣ መሀል ላይ፣ መጨረሻ ላይ። በኋላ ጎንደር የሚባለው መንግስታቸው (ስሙ ነው እንዲህ የሆነው፣ የፋሲል ግንብ ያለበት አይደለም) በሶስተኛው ዘመን 2060 ገደማ አሻሻለውና ወሮቹን ሁሉ 30 አድርጎ የተረፉትን ሁለት ቀኖች በወሮቹ መሀል አስቀመጣቸው። ሳምንቱን ግን ማንም አልነካውም፣ ሰባቱ ቀን ሳይቋረጥ ይሄዳል።

ስለዚህ ሻየር ውስጥ ሁሉ ጥሩ ነው፣ ብሪ ከምትባለው ጎረቤት ከተማ አልፎ የሄደ ሆቢት ግን ዛሬ አርብ ነው ሲል ሰው ያየዋል። ቶልኪን ይሄን ሳይደብቅ ጽፎታል፣ ማሻሻያው አገር ቤት ምቹ ነበር ራቅ ብሎ ለሚሄድ ግን ያን ያህል አልነበረም ብሎ። አንድ ዓመት ከጎረቤትህ አንድ ቀን ትለያለህ፣ በሁለተኛው ሁለት፣ ኦቨርላይዝ ያለበት ዓመት ሲመጣ ደሞ ባንዴ ሁለት ይጨመራል። የወሩን ቀን ማስላት ይቻላል፣ ሰንጠረዥ ይዘህ ትቀይራለህ፣ የሳምንቱ ቀን ግን በየዓመቱ ርቀቱ ስለሚለያይ ዓመቱንም ጨምረህ ማወቅ አለብህ።

ኤልፎቹ (እዛው ታሪክ ውስጥ ያሉት የማይሞቱት ዘር) ጭራሽ ሌላ ናቸው። የማይሞት ሰው ወርና ሳምንት ምን ያደርግለታል? ዋናው መለኪያቸው የን የሚባል ነው፣ አንዱ የን 144 የፀሐይ ዓመት፣ 52,596 ቀን። በ12 መቁጠር ስለሚወዱ 12 ጊዜ 12 ነው። ሳምንታቸው ስድስት ቀን ነው። ዓመቱን በወር ሳይሆን በስድስት ወቅት ነው የሚከፍሉት፣ አራቱ 54 ቀን፣ ሁለቱ 72 ቀን፣ 360፣ ከዛ አምስት ቀን ከወቅት ውጪ። ትርፉን ደሞ በየአራት ዓመቱ አንድ ከመጨመር ጠብቀው በ12 ዓመት አንዴ ሶስት ቀን ባንዴ ይጨምራሉ። ለነሱ 12 ዓመት እንደነገ ነው።

አዲሱ የጎንደር ንጉስ ሲነግስ ደሞ ዓመቱ ማርች 25 ላይ እንዲገባ ተደረገ፣ ክፉው ጌታ የወደቀበት ቀን ስለሆነ። ይሄ ቀን በአጋጣሚ የተመረጠ አይመስለኝም፣ ቶልኪን ጠንካራ ካቶሊክ ነበር፣ ማርች 25 በነሱ ቤተክርስቲያን ገብርኤል ለማርያም ያበሰረበት ቀን ነው፣ እንግሊዝም እስከ 1752 ድረስ ዓመቷን የምትለውጠው በዚሁ ቀን ነበር። በድሮው የጁልየስ አቆጣጠር ማርች 25 ማለት የኛ መጋቢት 29 ነው፣ የብስራት በዓል። ሆቢቶቹ ግን ይሄን ሁሉ ቁብ አልሰጡትም፣ ማርች 25ም አላከበሩ ሴፕቴምበር 22ም አላከበሩ፣ ኤፕሪል 6 ላይ ግን ዘፈን ሲጨፍሩ ይገኛሉ፣ ለምን ሲባሉ አንዱ የፍሮዶ ጓደኛ የሳም ልደት ነው ይላል፣ አንዱ ወርቃማው ዛፍ መጀመሪያ ያበበበት ነው፣ ሌላው የኤልፎች አዲስ ዓመት ነው።

ይሄን ያህል ከቀለለ እኛ ለምን አላደረግነውም?

ተሞክሯል፣ ያውም ብዙ ጊዜ። በ1834 ማርኮ ማስትሮፊኒ የሚባል ጣልያናዊ ቄስ (ልብ በሉ፣ ቄስ) በዓመት አንድ ቀን ከሳምንት ውጪ ትሁን ብሎ አሳተመ። ሞዝስ ኮትስወርዝ የሚባል እንግሊዛዊ 13 ወር፣ እያንዳንዱ 28 ቀን፣ አንድ ቀን ከሁሉም ውጪ የሆነበት ካላንደር አወጣ፣ ኮዳክ ኩባንያ ለውስጥ ስራው ከ1928 እስከ 1989 ተጠቅሞበታል። ከሁሉም ለሆቢቶቹ የሚቀርበው ግን አሜሪካዊቷ ኤልዛቤት አኬሊስ በ1930 የጀመረችው «ወርልድ ካላንደር» ነው፣ ዓመቱ ሁሌ እሁድ ይገባል፣ መጨረሻ ላይ ሳምንት የሌለው «የዓለም ቀን» አለ፣ በአራት ዓመት አንዴ ደሞ ልክ እንደ ኦቨርላይዝ ዓመቱ አጋማሽ ላይ ሌላ ሳምንት የሌለው ቀን ይጨመራል።

ሁሉም የተሰናከሉት አንድ ቦታ ላይ ነው። የወርን ርዝመት ብትቀይር ነጋዴ ያጉረመርማል እንጂ ይለመዳል፣ ሰባቱን ቀን ማቋረጥ ግን ሌላ ነገር ነው፣ የአይሁድ ሰንበት በየሰባት ቀኑ ነው እንጂ በየሰባት ቀኑ አንዳንዴ ደሞ በስምንተኛው አይደለም። በ1931 ጉዳዩ ጄኔቫ ላይ በመንግስታት ማህበር ጉባኤ ሲቀርብ የእንግሊዝ አይሁዶች ዋና ራባይ ጆሴፍ ኸርትዝ አጥብቀው ተቃወሙ፣ ሰንበትን ቅዳሜ የሚያከብሩት አድቬንቲስቶችም እንደዛው። የጁምዓ ነገርም ያው ነው። አብዮተኞቹ እንኳ በጉልበት አልቻሉትም፣ ፈረንሳይ በ1793 ሳምንቱን አስር ቀን አድርጋ በ1802 ወደ ሰባቱ ተመለሰች፣ ካላንደሩን ራሱን ደሞ በ1805 መጨረሻ ተወችው፣ ሶቭየት ህብረት ከ1929 ጀምራ በአምስት ቀን ከዛ በስድስት ቀን ሳምንት ስትሞክር ቆይታ በ1940 ወደ ሰባቱ ተመለሰች።

እኛ ጋ ቢመጣ ምን እንደሚሆን ማሰብ ነው። ባሕረ ሐሳብ የተሰራው በሳምንቱ ላይ ነው፣ ነነዌ፣ ዓቢይ ጾምና የሐዋርያት ጾም ሰኞ ይገባሉ፣ ሆሳዕናና ትንሳኤ ከእሁድ አይወጡም፣ ስቅለት ከአርብ፣ ዕርገት ከሐሙስ። የዘመን መለወጫው ቀን የሚገኘው ራሱ ዓመተ ዓለሙን ከሩቡ ጋር ደምሮ ለሰባት በማካፈል ነው። እሮብና አርብ ይጾማል፣ ቅዳሜም እሁድም ሰንበት ነው። አሁን መንግስት ተነስቶ ጳጉሜ 5 ከሳምንት ውጪ ትሁን ቢል ቤተክርስቲያን አትቀበልም፣ ሰባቷን ሳታቋርጥ መቁጠሯን ትቀጥላለች። በመጀመሪያው ዓመት የቤተክርስቲያኑ እሁድ የመስሪያ ቤቱ ቅዳሜ ላይ ይውላል፣ ምንም አይደል ይባላል። በሁለተኛው አርብ ላይ፣ በሶስተኛው ሐሙስ ላይ። ጳጉሜ 6 ስትመጣ ሁለት ቀን ባንዴ ይዘላል፣ ከዛ በኋላ ያለው ፋሲካ የመስሪያ ቤቱ ማክሰኞ ነው፣ ፈቃድ ጠይቀህ ነው የምትፈስከው። ሻየር ውስጥ እንዲህ ያለ ጣጣ የለም፣ ሆቢቶች ቤተክርስቲያንም መስጊድም ምኩራብም የላቸውም፣ አርብ የሚወዷት ለእራቱ ብለው ነው፣ በዓመት አንድ ቀን ብትዘል ማንም ጾም አልገደፈም።

ወርልድ ካላንደር በኋላ ህንድ ደግፋው ተባበሩት መንግስታት ድረስ ሄዶ ነበር። በ1955 አሜሪካ የዜጎቼን ሃይማኖት የሚነካ ነገር አልደግፍም አለች፣ በቀጣዩ ዓመት ጉዳዩ ላልተወሰነ ጊዜ ተብሎ ወደ መደርደሪያ ገባ፣ እስካሁንም እዛው ነው። አባሪ ዲ ያለበት ሶስተኛው ጥራዝ እንግሊዝ አገር ለገበያ የቀረበው በዛው በ1955 ኦክቶበር ላይ ነው።